ከበሩ እስከ ሾላው ዛፍ

ባለሱቁ በአንድ አሮጌ ደረሰኝ ጀርባ ላይ ሦስት ሳጥን ሳለልኝ። አዲስ አበባ፣ ሩዋንዳ በሚባለው ሰፈር፣ ከአንድ ሕንፃ ሥር፣ ጌምና የጌም ዕቃ በሚሸጥባት ጠባብ ሱቅ ውስጥ ነበርን። ሰውየው ሠላሳዎቹ ውስጥ ያለ፣ መነጽሩን በየደቂቃው ወደ ላይ የሚገፋ ሰው ነው። ጥቁር ልብሴን አይቶ ነው መሰለኝ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ያናግረኛል።

«ማዘር፣ ይሄ ትንሹ ደንበኝነት ነው» አለ የመጀመሪያውን ሳጥን በእስክሪብቶ እየነካ። «ከጓደኛ ጋር በኢንተርኔት ለመጫወት እሱ ይበቃል። መካከለኛው ደግሞ ብዙ ጌሞች አብረውት ይመጣሉ፤ የፈለጉትን መርጦ መጫወት ነው። ትልቁ የድሮ ጌሞችንም ይጨምራል። እሱ እንኳን ለእርስዎ አያስፈልግም።»

«ለእኔ አንዱም አያስፈልገኝም ነበር» አልኩት።

ሳቀ። ከዚያ መሳቁ አሳፈረውና መነጽሩን ገፋ።

የምሠራው በአንድ መሥሪያ ቤት መዝገብ ክፍል ውስጥ ነው። ፋይል እከፍታለሁ፣ ቁጥር እሰጣለሁ፣ ሰው ሲጠይቅ ፈልጌ አወጣለሁ። ስለ ጌም የማውቀው ነገር ቢኖር ባሌንና ልጄን ምሳ ቀርቦ ሦስት ጊዜ የሚያስጠራ ነገር መሆኑን ብቻ ነበር። ያን ቅዳሜ ግን ከሦስቱ ሳጥኖች አንዱን መምረጥ ነበረብኝ፤ የምመርጠውም አማቴ ከጠየቁኝ አንድ ጥያቄ የተነሣ ነው።

ባሌ በአንድ የሕንፃ ተቋራጭ ዘንድ ንድፍ ይሠራ ነበር። ቀኑን ሙሉ የሌሎች ሰዎችን ቤት ሲስል ውሎ ይመጣና፣ ማታ ደግሞ ከልጃችን ጎን ምንጣፉ ላይ ተቀምጦ ጆይስቲኩን ይይዛል። ጌሙ ለእሷ የተገዛ ነው። ከጌሞቹ አንዱ ጡብ በጡብ እየደረደሩ ቤት፣ መንገድ፣ ከተማ የሚሠሩበት ነው። መጀመሪያ እሷ ስትጫወት አጠገቧ ተቀምጦ ያይ ነበር። ከዚያ «ይሄ ግድግዳ እንዲህ አይቆምም» ማለት ጀመረ። ከዚያ እሷ አጠገቡ ተቀምጣ ማየት ጀመረች።

የሚሠራው የተወለደበትን ግቢ ነበር። ሰሜን ነው፤ ድንጋይ በድንጋይ የተሠራ፣ ጣሪያው አፈር የሆነ ቤት። እኔ ከሠርጋችን በኋላ አንድ ጊዜ ብቻ ነው የሄድኩት። ልጃችን አላየችውም። ልታየው በምትችልበት ዕድሜ ላይ መንገዱ ተዘጋ፤ መንገዱ ሲከፈት ደግሞ ቤቱ ፈርሶ ነበር። አማቴ ወደ ከተማ ወርደው ከሴት ልጃቸው ጋር ይኖሩ ነበር። ሁላችንም አደይ እንላቸዋለን፤ በእነሱ ቋንቋ እናቴ ማለት ነው።

ያልገባው ነገር ሲኖር ወደ እሳቸው ይደውላል። ስልኩን ድምፁን ከፍ አድርጎ ምንጣፉ ላይ ያስቀምጠዋል። ትግርኛ መናገር ባልችልም እሰማለሁ።

«አደይ፣ ከበሩ እስከ ሾላው ዛፍ ስንት እርምጃ ነው?»

«በማን እርምጃ? በአባትህ ነው በእኔ?»

«በአንቺ።»

«እርጉዝ ሆኜ ነው ሳልሆን?»

ልጄ ትራሱ ላይ ተደፍታ ትስቃለች። እሳቸው ግን የምራቸውን ነው። ዓይናቸውን ጨፍነው የሚራመዱ ይመስለኛል፤ ስልኩ ለረጅም ጊዜ ዝም ይላል። «ሃያ ሦስት» ይላሉ በመጨረሻ። «ከባድ እንስራ ካልያዝኩ።» የበሬዎቹ ማደሪያ በስተቀኝ ነው በስተግራ፣ የንብ ቀፎው ግድግዳው ውስጥ የገባው በየትኛው በኩል ነው፣ በለሱ አጥር የጀመረው ከየት ነው፤ ሁሉንም ይጠይቃል፣ ሁሉንም ይነግሩታል።

እኔ ይሄን ሁሉ የምሰማው ከወጥ ቤት ሆኜ ነው። ጉርድ ሾላ ካለው ኮንዶሚኒየማችን አንድ የምጠላው ነገር ቢኖር ያ ወጥ ቤት ነው። መስኮት የለውም። ሽንኩርት በጠበስኩ ቁጥር እንፋሎቱ ከእኔ ጋር ይቀራል። ምጣድ አጠገብ ቆሜ ስማረር ባሌ አሥራ አራት ዓመት ሰምቶኛል።

«ነይማ፣ ቤቱን ላሳይሽ» ይለኛል ከሳሎን።

«አንተ ጡብ ስትደረድር እኔ ምን ላድርግ? ድስቱን ማን ያማስላል?»

«አምስት ደቂቃ።»

«ሲያልቅ አየዋለሁ» እለዋለሁ።

ስንት ጊዜ እንዳልኩት አላውቅም። ክፉ ልሆን ብዬ አልነበረም። የሚያልቅ መስሎኝ ነው።

አንድ ማክሰኞ ጠዋት ታክሲ ሰልፍ ላይ ቆሞ ወደቀ። ልቡ ነው አሉ። ከፊቱ አራት ሰው ብቻ ነበር የቀረው፤ አብረውት የተሰለፉ ሰዎች ለቅሶ ሲመጡ የነገሩኝ ይህንን ነው፣ እኔም ለምን እንደሆነ ሳላውቅ ይህንን ይዤ ቀረሁ።

አደይ ለቀብር መጥተው እኛው ጋ ቆዩ። ሳሎኑ ለለቀስተኛ ፍራሽ ሲነጠፍበት ቴሌቪዥኑን ፊቱን ወደ ግድግዳ ያዞሩት፣ በነጠላቸው የሸፈኑትም እሳቸው ናቸው። የጌሙን ዕቃም ገመዱን ነቅለው ከሥሩ አስቀመጡት። በሐዘን ቤት ቴሌቪዥን አይከፈትም፤ ማንም ይሄን ለማንም ማስረዳት አያስፈልገውም። አርባው ሲወጣ ግን ነጠላውን የሚያነሣ አልተገኘም። አደይ «ዓመቱ ይድረስ» አሉ። እኔም ተመቸኝ። ልጄ አሥራ ሦስት ዓመቷ ነው። የክፍል ጓደኞቿ ቅዳሜ ከሰዓት በኢንተርኔት ተገናኝተው ሲጫወቱ እሷ በስልኳ የሚጽፉትን ታነባለች።

የአደይ ጥያቄ የመጣው ባሌ ከሞተ በሰባተኛው ወር አካባቢ ነው። ከሾላ ገበያ ተመልሼ ቃሪያ ስለቅም አደይ አጠገቤ ተቀምጠው ነበር።

«ጓለይ» አሉኝ። ልጄ ማለታቸው ነው፤ ባሌን ደግሞ ወደይ፣ ወንድ ልጄ፣ ይሉታል። «ወደይ ይሠራው የነበረው ፕላን የት አለ?»

«የምን ፕላን፣ አደይ?»

«የቤቴ ነዋ። ሲለካው የነበረው። በስልክ ሲያስለካኝ የነበረው። ሊያሠራልኝ አልነበር? ወረቀቱን ብትሰጪኝ ይዤው ልሂድ። እሱ ባይኖርም ግንበኛ አይጠፋም። እህቱም ታግዛለች። ለጎረቤትም ነግሬአለሁ።»

እጄ ቃሪያው ላይ ቀረ። ልጄ በሩ አጠገብ ቆማ ትሰማ ነበር። ቀስ ብላ ወደ ክፍሏ ገብታ በሩን ዘጋች።

ተከትያት ገባሁ። አልጋዋ ላይ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ነበር።

«እማ፣ እኔ አውቅ ነበር» አለችኝ። «አንድ ቀን ስልኩ ከተዘጋ በኋላ "አባ፣ አደይ ቤቱን እውነት የምትሠራላት መስሏታል" አልኩት። ጆይስቲኩን አስቀመጠ። ከዚያ "ስትመጣ ራሴ አሳያታለሁ" አለኝ።»

«ለምን አልነገርሽኝም?»

«አንቺ ስለ ጌሙ መስማት አትፈልጊም ነበር።»

እውነቷን ነው።

በማግሥቱ እሑድ አደይ ቅዳሴ ላይ ሳሉ ነጠላውን ገለጥ አድርገን፣ ቴሌቪዥኑን አዙረን ያለ ድምፅ ከፍተን፣ ገመዱን ሰካን። የጌሙ ሥዕል ብቅ አለ፤ ጥጉ ላይ ግን ትንሽ ቁልፍ ተሥሎበታል። ልጄ ብትነካውም አይከፈትም። ጌሙን ገዝተነው አልነበረም ለካ። በየጊዜው በሚታደስ ደንበኝነት የሚመጣ ነው፤ ደንበኝነቱ ሲያልቅ አብሮ ይቆለፋል። ሊያልቅ ነው የሚለው ማስታወቂያ በቴሌቪዥኑ ላይ ሲመጣ፣ ቴሌቪዥኑ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ሐዘን ተቀምጦ ነበር።

ሁሉንም እንደነበረ መልሰን ሸፈንነው፤ በቀጣዩ ቅዳሜ ከልጄ ጋር ሱቁ የደረስኩት እንደዚህ ነው። እዚያ ደግሞ ሌላ ነገር ሰማሁ። ባለሱቁ በኮምፒውተሩ ፈልጎ፣ «የባለቤትዎ አካውንት የግማሽ ነው» አለኝ።

«ግማሽ ማለት?»

«እዚህ አገር ካርድ ስለማይሠራ እኛ በውጭ አገር ስም አካውንት እንከፍትና ለሁለት ሰው እናካፍላለን። ግማሹን እሳቸው ወሰዱ፣ ግማሹን ሌላ ደንበኛ። አይተዋወቁም። ሁሉም እንዲህ ነው የሚያደርገው፣ ማዘር።»

«በማን ስም ነው?»

ስሙን አነበበልኝ። የባዕድ ስም ነው፤ የትም የሌለ ሰው። የልደት ቀኑም የፈጠራ ነው። ሃያ ዓመት መዝገብ ቤት ሠርቻለሁ፤ በስህተት ስም የተከፈተ ፋይል ምን እንደሚሆን አውቃለሁ። አቧራ ለብሶ ይቀመጣል፣ ባለጉዳዩ መጥቶ በራሱ ስም ሲያስፈልግ ግን የለም ይባላል። የባሌ ግቢ፣ የበሬዎቹ ማደሪያና የንብ ቀፎው ሳይቀር፣ ባልተወለደ ሰው ስም ተመዝግቦ ነበር።

ባለሱቁ ምርጫውን ቁልጭ አድርጎ ነገረኝ። የድሮውን አካውንት በመካከለኛው ደንበኝነት ለሦስት ወር ባድስ ቤቱ ይከፈታል። ከሦስት ወር በኋላ ግን ሌላኛው ደንበኛ ስለሚተወው፣ ባለሱቁ አካውንቱን ጠቅልሎ ለሌላ ሰው ሊሸጠው ቃል ገብቷል። ወይም ደግሞ ለልጅቷ በራሷ ስም፣ የራሷ ብቻ የሆነ አዲስ አካውንት በትንሹ ደንበኝነት ይከፍትላታል። ዓመት ሙሉ ከጓደኞቿ ጋር ትጫወታለች።

«በድሮው ከጓደኞቿ ጋር መጫወት አትችልም?»

«ያ ሌላው ደንበኛ ሲገባ እሷን ያስወጣታል። ስሟም አይደለም፤ ጓደኞቿ እንኳን አያውቋትም። ለልጅ የራሷ ይሻላታል። እውነቴን ነው የምነግርዎት፤ ለእኔ ሁለቱም ያው ናቸው።»

«የድሮው ቤት ወደ አዲሱ አይዛወርም?»

አይዛወርም። ሁለቱንም በአንድ ጊዜ የመክፈል አቅም እንደሌለኝ እኔ አውቃለሁ። ወደ ልጄ ዞርኩ። ከመደርደሪያው አጠገብ ቆማ የጆይስቲክ ማሸጊያ ታነብ ነበር።

«አንቺ የትኛውን ትፈልጊያለሽ?»

ማሸጊያውን መለሰች። «እኔ የራሴን ነው የምፈልገው» አለች። ከዚያ ቀጠለች፤ «እዚያ ብቻዬን መግባት አልፈልግም፣ እማ። አባ ካቆመበት ቀጥሎ ምንም የለም። በጎቹ ብቻ ናቸው የሚንቀሳቀሱት።»

ይሄን እየሰማሁም መካከለኛውን መረጥኩ። ለአደይ ብዬ ነው አልኳት። «እሺ» አለችኝ። ከሩዋንዳ እስከ ጉርድ ሾላ በታክሲው ውስጥ በመስኮት እያየች ሄደች። ልጅ ስታኮርፍ ያሳስባል፤ «እሺ» ስትል ግን የበለጠ ያሳስባል።

ለአደይ የነገርኳቸው በዚያው ቀን ከሰዓት በኋላ ነው። ቃል አጥቼ ብዙ ተንተባተብኩ።

«አደይ፣ ፕላኑ ወረቀት ላይ አይደለም።»

«ታዲያ የት ነው?»

«ቴሌቪዥኑ ውስጥ ነው። ጨዋታ ነው። ከልጅቷ ጋር እየተጫወቱ የሠሩት ነው። ለማሠራት አልነበረም… ገንዘቡም አልነበረንም።»

አደይ እጃቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው ተቀመጡ። ለስንት ሰው ነግረው ይሆን፤ ለስንት ጎረቤት፣ ለየትኛው ግንበኛ። ልጄ እንደ ጥፋተኛ አንገቷን ደፍታ ቆማለች። በመጨረሻ ተነሡ፤ ቴሌቪዥኑ ጋ ሄደው ነጠላቸውን ራሳቸው ገፈፉ፣ አጣጥፈው ትከሻቸው ላይ አደረጉት፣ ቴሌቪዥኑንም ፊቱን ወደ እኛ አዞሩት።

«አሳይኝ» አሏት ልጄን።

ቤቱ ቴሌቪዥኑ ላይ ወጣ። እኔም ለመጀመሪያ ጊዜ ማየቴ ነበር። ድንጋዩ አራት ማዕዘን፣ ዛፉ አራት ማዕዘን፣ ሰማዩ ላይ ያለው ደመና እንኳን አራት ማዕዘን ነው። ግን አወቅሁት። አንድ ጊዜ ብቻ፣ ሙሽራ ሆኜ፣ ፊቴን ተሸፋፍኜ የገባሁበትን በር አወቅሁት።

አደይ ወደ ቴሌቪዥኑ ተጠግተው ቆሙ። «በለሱ ልክ ነው። ቀጥይ። የበሬዎቹ ቤት… ልክ ነው። በሩ ሰፋ፤ በሩ እንኳን እንዲህ አልነበረም፣ ጎንበስ ብለሽ ነበር የምትገቢው። ዳዕሮው የታለ?» ሾላውን ነው። ልጄ ከበሩ ላይ ቆማ ዞረች፤ ዛፉ ታየ።

«ከበሩ ጀምሪና ሂጂ» አሏት።

ልጄ ጆይስቲኩን ቀስ እያደረገች ትራመዳለች፤ አደይ በትግርኛ ይቆጥራሉ። ሓደ፣ ክልተ፣ ሰለስተ። ድምፃቸው እየቀነሰ ሄደ። ሃያ ሦስት ላይ ዛፉ ሥር ደረሰች።

አደይ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ። እኔም ፊቴን መለስኩ፤ ማየት አልነበረብኝም።

ትንሽ ቆይተው፣ «ወደ ኋላ ዙሪ» አሉ። «ከቤቱ ጀርባ ያለው ምንድን ነው? ይሄ ክፍል አልነበረም። እኔ ይሄን አልነገርኩትም።»

ከድንጋዩ ቤት ጀርባ የተቀጠለ አንድ ክፍል ነበር። ግድግዳው ገና ጣሪያ አልደረሰም። በአንድ ጎኑ ግን ከዳር እስከ ዳር መስኮት አለው፤ ከመስኮቱ ፊት ለፊት ሾላው ይታያል።

ልጄ ወደ እኔ ሳትዞር፣ «እሱ የእማ ወጥ ቤት ነው» አለች። «አባ መስኮት እንዲኖረው ብሎ ነው። ሲያልቅ ታየዋለች እያለ ነበር።»

አደይ ዞረው አዩኝ። እኔ የተናገርኩትን ቃል እሱ እንዴት እንደሰማው ያን ጊዜ ነው የገባኝ። እኔ ሰውን ለማሰናበት የምለውን፣ እሱ ቀጠሮ አድርጎ ይዞት ነበር። ቁጭ አልኩ። ያን ጊዜ ያለቀስኩትን ያህል የቀብሩ ቀን እንኳን አላለቀስኩም። አደይ መጥተው ጭንቅላቴን ወደ ሆዳቸው ሳቡት።

አደይ ከሁለት ሳምንት በኋላ ወደ ልጃቸው ተመለሱ። ፕላን አልጠየቁኝም። ልጄ ቤቱን ከቴሌቪዥኑ ላይ በስልኳ ፎቶ አንሥታ አሳጥባ ሰጠቻቸው፤ በወረቀት ፖስታ ውስጥ አድርገው ደረታቸው ውስጥ ከተቱት። ሲሰናበቱኝ በጆሮዬ፣ «ለልጅቷ የምትፈልገውን አድርጊላት» አሉኝ። «እኔ የእኔን አይቻለሁ።»

እኔ ግን የእኔን አይቼ አልጠገብኩም። ሦስቱን ወር ሙሉ፣ ቅዳሜ ከሰዓት፣ ልጄ ጆይስቲክ አያያዝ ታስተምረኛለች። ግድግዳ እገጫለሁ፣ በለሱ ውስጥ እገባለሁ፣ በግ እመታለሁ። «እማ፣ በጉ ምን አደረገሽ?» ትለኛለች፤ ከአባቷ ሞት በኋላ ስትስቅ ያየኋት ያን ጊዜ ነው። ወጥ ቤቱ እስክደርስ ግን ታግሣ ትጠብቀኛለች። መስኮቱ ጋ ታቆመኛለች። እዚያ ቆሜ ሾላውን አያለሁ። ጣሪያውን እንጨርሰው ብላ አንድ ጊዜ ጠየቀችኝ፤ እምቢ አልኩ። እሱ የሠራው እስከዚህ ነው፤ ከዚህ በላይ ያለው የእኔና የእሷ ነው የሚሆነው።

በመካከሉ ስልኳ ይጮኻል። ጓደኞቿ ናቸው፤ እየተጫወቱ ነው። አይታ ታስቀምጠዋለች። ሁለተኛውን ወር እስክንጨርስ፣ የእኔን ሐዘን ይዛ ስትዞር እንደነበር ልብ አላልኩም።

ባለፈው ሳምንት ባለሱቁ ደወለልኝ። የሦስት ወሩ ጊዜ ሊያልቅ ነው፤ አካውንቱን የሚገዛው ሰው ተዘጋጅቷል፤ ከፈለግሁ ግን ጠቅልዬ እንድገዛው ለእኔ ቅድሚያ ይሰጠኛል።

ሩዋንዳ ሄድኩ። ሳጥኖቹን እንደገና ሊስልልኝ እስክሪብቶ አነሣ።

«አትድከም» አልኩት። «ትንሹን። በልጄ ስም።»

«የድሮውስ?»

«ለሰውየው ስጠው።»

የልጄን ስም ጠየቀኝ። ፊደሉን እየቆጠርኩ፣ ፋይል እንደምከፍት ሁሉ፣ ስሟን ከነአባቷ ስም ጻፍኩለት። የአባት ስም አያስፈልግም አለኝ። ይኑር አልኩት።

የመጨረሻው ቀን ትናንት ነበር። ልጄ ጎኔ ምንጣፉ ላይ ተቀመጠች። ከበሩ ጀምሬ በበሬዎቹ ማደሪያ በኩል ዞርኩ፤ ምንም አልገጨሁም። ጣሪያ የሌለው ክፍል ውስጥ ገባሁ። ጌሙ ውስጥ ፀሐይ እየጠለቀች ነበር፤ ብርሃኑ በመስኮቱ ገብቶ ወለሉ ላይ አረፈ።

«እማ፣ ልዝጋው?» አለችኝ።

ጆይስቲኩን ሰጠኋት። «ወደ በሩ አትመልሽኝ» አልኳት። «እዚሁ ተይኝ።»

መስኮቱ ጋ እንደቆምኩ ዘጋችው።